የአንባቢያን ጥያቄ፦ «ሲናሪዮ» ብሎ ስሙን ፅፎ የጠፋው የግብርና ባለሙያ

ጥያቄ፣ ከፒያሳ

ሰላም አዘጋጆች እንዴት ናችሁ፣ ቋሚ አንባቢያችሁ ነኝ። ፊልም ነው የምማረው። በቅርቡ ከጓደኞቼ ጋር አንድ ቦታ የድሮ ፊልሞች ሲያሳዩ ሄደን ነበር፣ ከዋናው ፊልም በፊት አስራ ምናምን ደቂቃ የሚሆን ድምፅ የሌለው የፈረንሳይ ፊልም ለቀቁልን፣ ስለ ወተት ነው፣ አንዷ ሴትዮ እጇን ሳትታጠብ ታልባለች፣ ጎረቤቷ ደሞ የላሟን ጡት አጥባ በንፁህ ባልዲ ታልባለች፣ ከዛ የአንደኛዋ ወተት ሲበላሽ ምናምን። ሰው ሁሉ ይስቃል እኔ ግን በጣም ወደድኩት። መጀመሪያው ላይ «ሲናሪዮ»፣ ስክሪፕት ማለት ነው፣ ይልና የአንድ ሰውዬ ስም አለ፣ ከስሩ ደሞ «የግብርና አገልግሎት ዳይሬክተር» ይላል። ፎቶ አንስቼው ቤት ገብቼ ጎግል ሳደርገው አንድም ነገር የለም፣ የፊልም ዳታቤዞቹም ላይ የለም። ጓደኛዬ የብዕር ስም ነው ትላለች፣ እኔ ደሞ ትልቅ ፀሀፊ ሆኖ የተረሳ ሰው ይመስለኛል፣ የመመረቂያ ፅሁፌንም በሱ ላይ ልሰራ አስቤያለሁ። ምን ትላላችሁ?

መልስ

የብዕር ስም እንኳን አይመስልም፣ የብዕር ስም የሚያወጣ ሰው ከስሩ የመንግስት የስራ መደቡን አይፅፍማ። ስሙን እዚህ አላወጣነውም፣ ለጥያቄሽም ብዙ አያስፈልገንም፣ ምክንያቱም ቁልፉ ያለው ከስሙ ስር የተፃፈችው ማዕረግ ላይ ነው። አንቺ የፊልም ሰው ነው ብለሽ የፊልም ዳታቤዝ ውስጥ ፈለግሽው፣ ሰውዬው ግን የግብርና ሚኒስቴር ሰራተኛ ነው፣ እዛ ሄደሽ ነው መፈለግ ያለብሽ።

ነገሩን ከስሩ ልንገርሽ (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆቹ ያዢልኝ)። በ1879 በወጣ ሕግ ፈረንሳይ ውስጥ እያንዳንዱ ዲፓርትማ፣ እንደኛ ዞን በይው፣ አንድ የግብርና መምህር እንዲኖረው ተወሰነ። የዚህ ሰውዬ ስራ ሁለት ነው፣ አንደኛ የአስተማሪዎች ማሰልጠኛ ውስጥ ግብርና ያስተምራል፣ ሁለተኛ ደሞ ገጠር ለገጠር እየዞረ ለገበሬው ንግግር ያደርጋል። በ1912 ሌላ ሕግ ወጣና ያ መደብ «የግብርና አገልግሎት ዳይሬክተር» ሆነ፣ ያው ያንቺ ፊልም ላይ ያየሽው ማዕረግ። ስለዚህ ሲኒማ ገጠር ሲደርስ እነዚህ ሰዎች የሰላሳና አርባ ዓመት ልምድ ያለው ስራ ላይ ነበሩ፣ ገበሬው ንግግሩ ሲረዝምበት የቱ ጋ እንደሚያንቀላፋ፣ የቱ ጋ «እንዴ እውነት ነው?» ብሎ ቀና እንደሚል በደንብ ያውቃሉ። እኔ እንደሚመስለኝ ስክሪፕት መፃፍ የተማሩት እዛ ነው፣ ከቲያትር ቤት አይደለም።

ከዛ የመጀመሪያው የዓለም ጦርነት መጣ፣ ፈረንሳይ ከ1.3 ሚሊዮን በላይ ወታደር አጣች፣ ከነዛ ውስጥ በጣም ብዙው ገበሬ ነው። የተረፈው ወጣት ደሞ ወደ ከተማ ይሄዳል፣ በ1931ዱ ቆጠራ የከተማው ህዝብ ለመጀመሪያ ጊዜ ከገጠሩ በለጠ። ሰው ቀንሶ ምርት መጨመር አለበት ማለት ነው፣ ማዳበሪያ፣ የተመረጠ ዘር፣ ንፁህ ወተት፣ ፍግ እንዴት እንደሚቀመጥ፣ ይሄ ሁሉ ለገበሬው ቶሎ መድረስ አለበት። በ1923፣ ሄንሪ ሼሮን የግብርና ሚኒስትር በነበረበት ጊዜ፣ ሚኒስቴሩ የራሱን የፊልም ቤተ መዛግብት አቋቋመና ለትምህርት ቤቶችና ለገበሬ ማህበራት ፊልም ማዋስ ጀመረ። ከሱ በኋላ የመጣው አንሪ ኪዮይ፣ ሙያው ሀኪም ነው፣ የገጠር ልጅ ነው፣ ነገሩን የበለጠ ገፋበት።

እንግዲህ ፊልም ሰሪው የፓሪስ ልጅ ነው፣ ላም ከየት በኩል እንደምትታለብ አያውቅም (ቦሌ ያደገ ካሜራማን ይዛችሁ ደብረ ብርሃን ሄዳችሁ ታውቃላችሁ?)። ስለዚህ ይዘቱን የሚሰጠው ባለሙያው ነው። በዘመኑ በዚህ ዘርፍ ትልቁ ስም ዣን ቤኗ ሌቪ ነው፣ ከ1888 እስከ 1959 የኖረ፣ በጤናና በግብርና ላይ በመቶዎች የሚቆጠሩ የትምህርት ፊልሞች የሰራ ሰው። የሱ እምነት ደረቅ ትምህርት ብቻውን ሰው አይገባውም ነው፣ ታሪክ ይኑረው፣ ሁለት ጎረቤት ይኑሩበት፣ ትንሽ ፍቅርም ቢገባበት አይጠላም። ያየሻቸው ሁለት ሴትዮዎች ከዚህ አይነት አሰራር የመጡ ናቸው፣ የወተቱን ነገር የሚያውቀው ባለሙያው ነው፣ ቀረፃውን የሚያውቀው ዳይሬክተሩ ነው፣ «ሲናሪዮ» የምትለው ቃል የሁለቱ መገናኛ ናት።

ታዲያ ለምን ጠፋ? ፊልሙ አይሸጥማ። ፖስተር የለው፣ ጋዜጣ ላይ ትችት የሚፅፍለት የለ፣ ተዋናይቱ አትታወቅ። ሰውዬው ደሞ ደሞዙን የሚያገኘው ከመንግስት ነው፣ ስክሪፕቱ ለሱ እንደ አንድ የቢሮ ሪፖርት ነው። ሕጉም አልረዳውም፣ የፈረንሳይ ሕግ የስክሪፕት ፀሀፊን ከዳይሬክተሩ እኩል የፊልሙ ባለቤት ነው ብሎ በግልፅ የፃፈው በመጋቢት 1957 ነው፣ ከዛ በፊት ፕሮዲውሰሩ «ፊልሙ የኔ ነው» ማለት ይችል ነበር፣ ይልም ነበር። በሙያው የኖሩትም ቢሆን እኮ ብዙ አልተረፉም፣ ማሪ ኤፕስታይንን ውሰጂ፣ ዋርሶ ተወልዳ በ1995 ፓሪስ የሞተች፣ የወንድሟን የዳይሬክተሩን የዣን ኤፕስታይንን ፊልም የፃፈች፣ ከቤኗ ሌቪ ጋር ደሞ ለዓመታት አብራ የፃፈችና ዳይሬክት ያደረገች ሴት ናት፣ ግን ለረጅም ጊዜ ስሟ የሚነሳው «የዣን እህት» ተብሎ ነበር። እሷ እንዲህ ከሆነች የወተት ባለሙያው ምን ይሁን።

ስለ መመረቂያ ፅሁፍሽ ግን በግልፅ ልናገር። «የተረሳ ጂኒየስ» ብለሽ ከገባሽ ባዶ እጅሽን ነው የምትወጪው፣ ሰውዬው አንድ ወይ ሁለት ስክሪፕት ፅፎ ወደ ገበሬዎቹ የተመለሰ ሰው ሊሆን ይችላልና። «የመንግስት የግብርና ሰራተኛ ስክሪፕት ሲፅፍ» ብለሽ ከገባሽ ግን ማንም ያልነካው ብዙ ነገር አለልሽ። ዲፓርትማዎቹ ወደ 90 ናቸው፣ እያንዳንዱ የራሱ ዳይሬክተር ነበረው።

ጥያቄ፣ ከካዛንቺስ

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ። እኔ ጡረታ የወጣሁ የእርሻ ባለሙያ ነኝ፣ በወጣትነቴ የልማት ሰራተኛ ሆኜ ገጠር ስሰራ በመኪና ፊልም እየመጣ ለገበሬው እናሳይ ነበር፣ ማብራሪያውን የምናገረው ደግሞ እኔ ነበርኩ። የልጅ ልጄ ስለነዚህ የፈረንሳይ ፊልሞች ነገረችኝና አንድ ነገር ከነከነኝ። ድምፅ የሌለው ፊልም ከሆነ፣ የሚናገረውም እንደኔ ያለው ሰራተኛ ከሆነ፣ ፀሀፊ ለምን አስፈለገው? ምን ይፅፋል?

መልስ

አባታችን ጥያቄዎ የሚጥም ነው፣ እርስዎ ደግሞ ግማሹን መልስ ያውቁታል። እዛም እንደርስዎ ያለ ሰው ከስክሪኑ ጎን ቆሞ ይናገር ነበር፣ አብዛኛውን ጊዜ የመንደሩ አስተማሪ ነው። ግን ያ አስተማሪ ስለ ድንች በሽታ ከገበሬው የተሻለ ላያውቅ ይችላል፣ ስለዚህ በትዕይንቶቹ መሀል የሚገቡት ፅሁፎች ሙሉውን ትምህርት መሸከም አለባቸው፣ እነሱን የሚፅፈው ያ የጠፋው ሰውዬ ነው።

እና ቀላል እንዳይመስልዎ። የ35 ሚሊሜትር ፊልም አንድ ሪል፣ አንድ ጥቅል ማለት ነው፣ 300 ሜትር አካባቢ ነው፣ በአንድ ሜትር ውስጥ ወደ 52 ምስል አለ፣ በዛ ዘመን በሴኮንድ 16 ምስል ካለፈ አንድ ሪል 16 ደቂቃ ገደማ ይሄዳል፣ በቃ ያለዎት ይሄ ነው። አሁን አስር ቃል ያላት አንድ ፅሁፍ ቀስ ብሎ ለሚያነብ ሰው 8 ሴኮንድ ትቆይ ቢባል 128 ምስል ማለት ነው፣ ወደ ሁለት ሜትር ተኩል ፊልም በላች። ሀያ እንደዚህ አይነት ፅሁፍ ካስገባ 50 ሜትር ሄደ፣ የሪሉ አንድ ስድስተኛ! ስለዚህ ፀሀፊው እያንዳንዷን ቃል እየመዘነ ነው፣ ቢሮ ውስጥ ሶስት ገፅ የሚፅፈውን ሰውዬ እዚህ አስር ቃል ላይ አሰሩት። በነገራችን ላይ እኔ አሁን ከምናያቸው የጤናና የእርሻ ቪዲዮዎች ብዙዎቹ የሚሸነፉት እዚህ ጋ ነው ባይ ነኝ፣ ተናጋሪው አያቋርጥም፣ ምስሉ ዕረፍት ያጣል።

ከዚህ የሚብሰው ወቅቱ ነው። ልብ ወለድ ፊልም ከሆነ ዛሬ ያልተሳካውን ነገ ደግመው ይቀርፁታል። ስንዴ ግን እዛ አገር የክረምቱ ዓይነት በጥቅምት አካባቢ ይዘራል፣ በሐምሌና ነሐሴ ይታጨዳል። ማዳበሪያ ያገኘውንና ያላገኘውን ማሳ ጎን ለጎን ለማሳየት የፈለገ ፀሀፊ ገና ዘሩ መሬት ሳይነካ «በመጋቢት ይሄንን፣ በግንቦት ያንን፣ በአጨዳ ጊዜ ከዚሁ ቦታ ቆመን እንቀርፃለን» ብሎ መፃፍ አለበት። በግንቦት ሀሳቡ ቢቀየር አለቀለት፣ ዓመት ይጠብቃል። ማሳውን መምረጥ፣ የካሜራውን ቦታ በእንጨት ምልክት ማድረግ፣ የትኛው መደዳ ማዳበሪያ እንዳያገኝ ለባለቤቱ መንገር፣ ይሄ ሁሉ የስክሪፕቱ ስራ ነው፣ እርስዎ «የሰርቶ ማሳያ ማሳ» የሚሉት ነገር ማለት ነው፣ ልዩነቱ ካሜራ መጨመሩ። ለዚህ ነው የስነ ፅሁፍ ሰው ሊፅፈው የማይችለው።

ማብቀሉን ማሳየት ሲፈልጉ ደሞ ሌላ ታሪክ ነው። ዛሬ ታይምላፕስ የምንለው። በሰዓት አንድ ምስል ቢያነሱ በቀን 24 ምስል ነው፣ አስር ቀን ሙሉ ሲሰሩ ከርመው ስክሪን ላይ 15 ሴኮንድ ያገኛሉ። ሌሊትም መብራት ይበራለታል፣ መሳሪያው ራሱ በሰዓቱ እየከፈተ እየዘጋ ያነሳል። በዚህ የታወቀው ዶክተር ዣን ኮማንዶን ነው፣ ሀኪም ነበር፣ ከ1909 ጀምሮ ፓቴ ኩባንያ ውስጥ በማይክሮስኮፕ ፊልም ይቀርፅ ነበር፣ በኋላ ከ1926 ወዲህ አልቤር ካን የሚባለው የባንክ ባለሀብት ቡሎኝ ባለው ግቢው ላብራቶሪ ሰጥቶት የአበባና የተክል ዕድገት ቀርጿል። ገበሬ ዕድሜ ልኩን ዘር ሲዘራ ኖሮ ዘሩ አፈር ውስጥ ምን እንደሚያደርግ አይቶ አያውቅም እኮ፣ እነዛ ሰከንዶች ናቸው አዳራሹን ዝም የሚያሰኙት። የሚገርመው የፓሪስ አርቲስቶችም ወደዱት፣ ዳይሬክተሯ ዠርሜን ዱላክ በ1928 ፊልሟ ላይ የሚበቅል ተክል ከባሌሪና ዳንስ ጋር እያፈራረቀች አስገብታለች። ግብርና ሚኒስቴር ለድንች የፈለገውን እነሱ ለሪትም ፈለጉት።

የድንች ነገር ካነሳሁ አይቀር፣ በ1922 ቦርዶ አጠገብ ዶሪፎር የሚሉት የድንች ጥንዚዛ ተገኘ፣ ከአሜሪካ የመጣ ባለ መስመር ጥንዚዛ ነው፣ የድንቹን ቅጠል ሙልጭ አድርጎ የሚበላ። እንደዚህ አይነት ተባይ ሲመጣ ፊልም የሚያሸንፈው ወረቀትን ነው፣ ምክንያቱም ገበሬው ጥንዚዛውን፣ እንቁላሉንና ትሉን በአይኑ አይቶ መለየት አለበት፣ ትንሿን ነገር ግድግዳ አሳክሎ ማሳየት ደሞ የሲኒማ ስራ ነው። ለእንደዚህ አይነቱ ፊልም ፀሀፊው መወሰን ያለበት ቅደም ተከተሉን ነው፣ መጀመሪያ የተበላውን ማሳ ያሳያል ወይስ መጀመሪያ ጥንዚዛውን? እኔን ብትጠይቁኝ ማሳውን አስቀድማለሁ፣ ገበሬ መጀመሪያ የሚያየው ጉዳቱን ነውና።

ጥያቄ፣ ከአራት ኪሎ

አጭር ጥያቄ ነው። ገጠር መብራት በሌለበት ፊልም እንዴት ያሳያሉ? ደሞ የድሮ ፊልም ይቃጠላል ሲባል ሰምቻለሁ፣ አይፈሩም ነበር?

መልስ

ይፈራሉ እንጂ። የድሮው 35 ሚሊሜትር ፊልም ናይትሬት ከሚባል ቶሎ ከሚቀጣጠል ነገር የተሰራ ነው፣ አንዴ ከተያያዘ ውሀም አያጠፋውም። በግንቦት 1897 ፓሪስ ባዛር ደ ላ ሻሪቴ የተባለ የበጎ አድራጎት ባዛር ላይ ከሲኒማ መብራት የተነሳ እሳት ከ120 በላይ ሰው ፈጅቷል፣ ያንን ማንም አልረሳውም። ትምህርት ቤት ውስጥ፣ የማዘጋጃ አዳራሽ ውስጥ፣ ህፃናት ባሉበት እንደዛ አይነት ፊልም ማሳየት ቀልድ አይደለም። ለዚህ ነው ፓቴ በማይቀጣጠል ፊልም ላይ ትናንሽ መሳሪያ ያወጣው፣ በ1922 መጨረሻ ፓቴ ቤቢ የሚባለው ባለ 9.5 ሚሊሜትር ለቤት፣ በ1927 ደሞ ፓቴ ሩራል ባለ 17.5 ሚሊሜትር በቀጥታ ለገጠር ተብሎ። መብራት በሌለበት መሳሪያውን በእጅ እያዞሩ፣ ለመብራቱ ደሞ ጄኔሬተር ይዘው እየሄዱ ነው። ፈረንሳይ በዛ ዘመን ከ37,000 በላይ ቀበሌ የሚያካክሉ ኮሚዩኖች የነበሯት አገር ናት፣ ሁሉ ጋ መድረስ ለትልቁ መሳሪያ አይታሰብም ነበር።

ጥያቄ፣ ከለገሃር

እኔም ፊልሙን ካዩት አንዷ ነኝ (የፒያሳዋን ልጅ አውቃታለሁ ሃሃ)። ሁለት ነገር ልጠይቅ። አንደኛ ፈረንሳይ ሳንሄድ፣ ቪዛ ምናምን ሳንል፣ አዲስ አበባ ቁጭ ብለን የሰውዬውን ማንነት ማግኘት እንችላለን? ሁለተኛ ፊልሙን በአማርኛ ፅሁፍ አድርገን ለሰፈር ልጆች ብናሳይ የሚከሰን አለ?

መልስ

ትችላላችሁ፣ ኢንተርኔቱ ካልተቆራረጠ። የፈረንሳይ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍት ጋሊካ የሚባል ነፃ የኦንላይን መዝገብ አለው፣ ከ1997 ጀምሮ የድሮ ጋዜጣና መፅሔት ስካን እያደረገ ያስገባል፣ ፅሁፉ ውስጥ ሰርች ማድረግ ይቻላል፣ ፒዲኤፉንም ያወርዳል። እዛ ውስጥ ስሙን ብቻ አትፃፉ፣ ስሙንና ዲፓርትማውን አብራችሁ፣ ካልሆነም ማዕረጉንና ዲፓርትማውን ብቻ። ስሙ ላይ አንድ ፊደል ተሳስቶ ስካን ከሆነ ማሽኑ ያልፈዋል፣ ማዕረጉ ግን በብዙ ቦታ ስለሚደጋገም አንዱ ጋ ይያዛል።

ከሁሉም የምወደው መንገድ ግን ሜዳልያው ነው። በ1883 የግብርና ሚኒስትሩ ዡል ሜሊን ሜሪት አግሪኮል የሚባል የግብርና ኒሻን አቋቋመ፣ ሪባኑ አረንጓዴ ስለሆነ ፈረንሳዮቹ እያሾፉ «ባሮ ሽንኩርቱ» ይሉታል። የተሸላሚዎቹ ስም ዝርዝር በመንግስት ጋዜጣ፣ ዡርናል ኦፊሲየል ላይ ይወጣል፣ ከነሙሉ ስም፣ ከነስራ፣ ከነቦታው። የግብርና አገልግሎት ዳይሬክተር ሆኖ ለዓመታት ሰርቶ ይሄንን ኒሻን ሳያገኝ የቀረ ሰው ብርቅ ነው። ከዚህ ከፍ ያለውን፣ ሌዥዮን ዶነርን ካገኘ ደሞ ሌዎኖር የሚባል ኦንላይን ዳታቤዝ አለ፣ ከ1977 በፊት የሞቱትን ተሸላሚዎች ፋይል ይዟል፣ የልደት ቀንና ቦታ፣ የስራ ታሪክ፣ አንዳንዴ እራሱ የፃፈው ፊርማ ሁሉ ይገኝበታል። አንድ ስም ላይ ብቻ ሶስት ሌሊት ከማደር ይሄ ይሻላል።

ከዛ ደሞ የተማረበትን ቦታ። የዛ ዘመን የግብርና መሀንዲስ ብዙውን ጊዜ ከግሪኞን፣ ከሞንፔሊዬ ወይ ከሬን የግብርና ትምህርት ቤት ነው የሚወጣው፣ ወይ ከፓሪሱ ብሔራዊ የአግሮኖሚ ኢንስቲትዩት። የተመራቂዎቻቸው ማህበራት ዝርዝርና መፅሔት ያሳትሙ ነበር። በመጨረሻ ለዲፓርትማው ቤተ መዛግብት ኢሜይል ፃፉ፣ በየዲፓርትማው አንድ አለ፣ ስራቸው ነው ይመልሳሉ፣ ጥያቄያችሁ ግን አጭርና በፈረንሳይኛ ይሁን፣ ፈረንሳይኛ የማትችሉ ከሆነ እዛው ፒያሳ አልያንስ የሚማር ጓደኛ አይጠፋም፣ ቡና ጋብዙት። ፊልሙን እራሱን ለማየት ፓሪስ አጠገብ ቧ ዳርሲ ያለው የፈረንሳይ ፊልም ማህደር አለ፣ በ1969 የተቋቋመ፣ ናይትሬቶቹን ሰብስቦ ወደማይቀጣጠል ፊልም የሚገለብጠው እሱ ነው።

አሁን ወደ ክስ። በፈረንሳይ ሕግ የፊልም መብት የሚያልቀው ከሕጋዊ ባለቤቶቹ መጨረሻ የሞተው ከሞተ ከ70 ዓመት በኋላ ነው፣ ስክሪፕት ፀሀፊውም ዳይሬክተሩም ከባለቤቶቹ ይቆጠራሉ። ከባለቤቶቹ አንዱም ያልታወቀ ቢሆን ኖሮ ሰባው ዓመት የሚቆጠረው ፊልሙ ለህዝብ ከቀረበበት ዓመት ነበር፣ እናንተ ያያችሁት ግን ስም ተፅፎበታል፣ ስለዚህ ያ ቀለል ያለው መንገድ ተዘጋባችሁ። እንበልና ሰውዬው በ1950 ሞቶ ዳይሬክተሩ በ1959 ቢሞት፣ ቆጠራው ከ1959 ነው፣ 2029 መጨረሻ ድረስ ጠብቁ ማለት ነው። ኮፒውን የያዘው ተቋም ደሞ ከመብቱ ውጪ ለራሱ የአገልግሎት ክፍያ ሊጠይቅ ይችላል፣ እሱን አስቀድማችሁ ጠይቁ። አማርኛ ፅሁፍ መጨመር በራሱ ትርጉም ስለሆነ መብቱ ገና ካላለቀ ፈቃድ ይፈልጋል። ስለዚህ ለሰፈር ልጆች ከማሳየታችሁ በፊት የሰውዬውን የሞት ዓመት ፈልጉ፣ ለመመረቂያ ፅሁፉም የሚያስፈልገው እሱው ነው፣ የፒያሳዋ ጓደኛሽ ጋሊካውን ትያዝ፣ አንቺ ሌዎኖሩን ያዢ።